ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማና የኤዲቲንግ ጠረጴዛ

ፊልም ተመልክቶ ከአዳራሽ የሚወጣ ሰው ስለ ተዋንያኑ ያወራል፤ ጠለቅ ያለው ደግሞ የዳይሬክተሩን ስም ይጠይቃል። የተቀረጸውን መርጦ፣ ቆርጦና ቀጥሎ ታሪክ ያደረገውን ባለሙያ፣ ማለትም ኤዲተሩን የሚያስታውስ ግን እምብዛም አይገኝም።

ጎንደር የተወለዱት ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማም በዓለም ዙሪያ የሚታወቁት በዳይሬክተርነታቸው፣ በደራሲነታቸውና በመምህርነታቸው ነው። የሥራ ዝርዝራቸውን በጥሞና ለሚመለከት ግን ሌላም ሙያ ጎልቶ ይታየዋል። ከ«ቡሽ ማማ» እስከ «ጤዛ» ባሉት ዋና ዋና የልቦለድ ፊልሞቻቸው፣ ከአንዱ በስተቀር፣ በኤዲተርነት የተመዘገበው የራሳቸው ስም ነው። ይህ ጽሑፍ የእኚህን አንጋፋ ባለሙያ ሥራ ከዚህ ብዙም ካልተነገረለት ወገን ይቃኛል። (በጽሑፉ የተጠቀሱት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ኤዲተር ምን ይሠራል?

ፊልም በአንድ ሰከንድ 24 ነጠላ ምስሎችን በተከታታይ ያሳያል። የሁለት ሰዓት ተኩል ፊልም ስንል እንግዲህ የ216 ሺሕ ምስሎች ድርድር ማለታችን ነው። ኮምፒዩተር ከመምጣቱ በፊት ይህ ሁሉ በእጅ የሚዳሰስ ጥቅል ነበር። አራት መቶ ጫማ ርዝመት ያለው የ16 ሚሊ ሜትር ፊልም 11 ደቂቃ ያህል ብቻ ይይዛል። ኤዲተሩ ከዋናው ኔጋቲቭ የታተመውን የሥራ ቅጂ በኤዲቲንግ ማሽን ላይ ወደፊትና ወደኋላ እያመላለሰ ይመለከታል፤ በመቁረጫ ይቆርጠዋል፤ በማጣበቂያ ይቀጥለዋል። ድምፁ ለብቻው በማግኔት ጥቅል ላይ ስለሚቀመጥ ከምስሉ ጋር ማገናኘቱም የራሱ ድካም ነበረው። ሥራው ሲያልቅ ኔጋቲቩ በዚያው ልክ ይቆረጥና ለአዳራሽ የሚሆነው ቅጂ ይታተማል።

ይህ የእጁ ሥራ ነው። የጭንቅላቱ ሥራ ግን ሌላ ነው። አንድ ፊት ስንት ሰከንድ ይታይ? ከእሱ ቀጥሎ ምን ይምጣ? ተመልካቹ የሚያዝነው ለማን ነው? የሚፈራውስ ማንን ነው? የእነዚህ ጥያቄዎች መልስ በአብዛኛው የሚወሰነው በቀረጻው ቦታ ሳይሆን በኤዲቲንግ ጠረጴዛው ላይ ነው።

የሩሲያውያኑ ትምህርት

ይህንን ኃይል ቀድመው ከተረዱትና ካስተማሩት መካከል ሩሲያውያን ተጠቃሽ ናቸው። ሌቭ ኩሌሾቭ የተባለው የፊልም መምህር የአንድን ተዋናይ ፊት አንድ ጊዜ ከሾርባ ሳህን፣ ሌላ ጊዜ ከሬሳ ሳጥን፣ ሌላ ጊዜ ከሴት ምስል ጋር እያያያዘ አሳይቷል። ተመልካቾች ተዋናዩ ተራበ፣ አዘነ፣ አፈቀረ ብለው አደነቁ ይባላል። ፊቱ ግን ያው አንድ ነበር። ሰርጌይ አይዘንስታይን በ1925 በሠራው «የጦር መርከብ ፖተምኪን» ይህንኑ ዘዴ ወደ ታላቅ ጥበብ አሳድጎታል።

ከሁሉም ይልቅ የኤዲተሩን ሰብዕና በግልጽ ያሳየችው ኤሊዛቬታ ስቪሎቫ ናት። በባለቤቷ በዚጋ ቬርቶቭ ዳይሬክተርነት በ1929 ለእይታ የበቃውን «የፊልም ካሜራ የያዘው ሰው» ኤዲት ያደረገችው እሷ ስትሆን፣ በፊልሙ ውስጥም በጠረጴዛዋ ተቀምጣ ምስሎችን እየለየችና እየቆረጠች ትታያለች። በመቶ የሚቆጠሩ ሰዎች በዓለም ዙሪያ ስለዚህ ፊልም ሲጽፉ የቬርቶቭን ስም ሲያነሱ፣ የእሷ ግን ለረጅም ዘመን ተዘንግቶ ቆይቷል።

ይህ የሩሲያውያን ትምህርት ወደ አፍሪካም ደርሷል። ሴኔጋላዊው ኡስማን ሴምቤን በሞስኮው ጎርኪ ስቱዲዮ ሠልጥኗል፤ የማሊው ሱሌይማን ሲሴና የሞሪታኒያው አብደራህማን ሲሳኮ ደግሞ በሞስኮ የፊልም ተቋም ተምረዋል። የጎንደሩ ኃይሌ ገሪማ ግን የሄዱት በተቃራኒው አቅጣጫ፣ ወደ አሜሪካ ነው።

ከታርዛን ጎን የቆሙት የጎንደር ልጆች

ፕሮፌሰር ኃይሌ የተወለዱት በ1946 ነው። አባታቸው አቶ ገሪማ ታፈረ በጣሊያን ወረራ ዘመን የነበረውን የጎንደር አርበኞች ተጋድሎ የሚተርከውን «ጎንደሬ በጋሻው» የተሰኘ መጽሐፍ የጻፉ ሲሆን፣ የቴአትር ደራሲም ነበሩ። ልጅየው ያደጉት በአንድ ወገን በአባታቸው ቴአትርና በምድጃ ዳር ተረት፣ በሌላ ወገን ደግሞ ከሆሊውድ በሚመጡ ፊልሞች መካከል ነበር።

ስለዚያ ዘመን ሲጠየቁ ደጋግመው የሚያነሡት ነገር አለ። በከተማው ሲኒማ ቤት የታርዛን ፊልም ሲታይ፣ አፍሪካውያኑ ከኋላው አድፍጠው ሲመጡበት የጎንደር ልጆች ታርዛንን ለማስጠንቀቅ ይጮኹ ነበር። ጥቁር ሕፃናት በአዳራሽ ተቀምጠው ጥቁሩን ጠላት፣ ነጩን ወገን አድርገው ተቀበሉ ማለት ነው። ማንም አላስገደዳቸውም፤ ማንም አልሰበካቸውም። የታርዛንን ፊት በቅርበት፣ አፍሪካውያኑን ደግሞ ከሩቅና በጅምላ አሰልፎ የቀጠለው ሰው ሥራውን ሠርቷል። የኩሌሾቭ ሙከራ ጎንደር ላይ በተግባር ታየ ቢባል ማጋነን አይሆንም። የፕሮፌሰር ኃይሌን የኤዲቲንግ ሥራ ለመረዳትም ከዚህ የተሻለ ቁልፍ የለም፤ ፊልሙን የሚቆርጠው ሰው ተመልካቹ ከማን ጎን እንደሚቆም ይወስናል።

ከቺካጎ ወደ ሎስ አንጀለስ

በ1967 ወደ አሜሪካ ተጉዘው በቺካጎው የጉድማን ድራማ ትምህርት ቤት ትወና ማጥናት ጀመሩ። ለጥቁር ተዋንያን የሚሰጠው ሚና ጠባብ መሆኑ ግን አላስደሰታቸውም። ከጥቂት ዓመታት በኋላ በሎስ አንጀለስ ወደሚገኘው የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ተዛውረው ፊልም አጠኑ።

በዚያ ዩኒቨርሲቲ በወቅቱ የተሰባሰቡት ጥቁር ተማሪዎች በኋላ «የሎስ አንጀለስ አመፅ» የሚል ስም የተሰጠውን እንቅስቃሴ ፈጥረዋል። ከኃይሌ ገሪማ ጋር ቻርልስ በርኔት፣ ላሪ ክላርክ፣ ጁሊ ዳሽ፣ ቢሊ ውድቤሪና ሌሎችም ነበሩበት። ስለ ሦስተኛው ዓለም ሲኒማ በ1982 ባሳተመው መጽሐፍ ታዋቂ የሆነውና በ2010 ያረፈው ኢትዮጵያዊው ምሁር ተሾመ ገብርኤልም የዚሁ ዩኒቨርሲቲ ሰው ነበር። ተማሪዎቹ የላቲን አሜሪካንና የአፍሪካን ፊልሞች እያዩ ይከራከራሉ፤ አንዱ ለሌላው ካሜራ ይይዛል፣ ድምፅ ይቀርጻል፣ ይተውናል። ገንዘብ ስለሌለ ሁሉም ሁሉንም መሥራት ነበረበት። ኃይሌ ገሪማም በ1971 «አወር ግላስ»ን፣ በ1972 ደግሞ «ቻይልድ ኦቭ ሬዚስታንስ»ን ሠሩ።

«ቡሽ ማማ»፦ ፖሊሱ ሳያውቅ የተወነበት ፊልም

የመመረቂያ ሥራቸው የሆነው «ቡሽ ማማ» በ1975 ተጠናቅቆ በ1979 ለሕዝብ ቀረበ። ባርባራ ኦ. ጆንስ የተወነችባት ዶሮቲ፣ ባለቤቷ ባልሠራው ወንጀል የታሠረባት፣ ልጇን ይዛ በመንግሥት ድጎማ የምትኖር ነፍሰ ጡር ናት። የድጎማ መሥሪያ ቤቱ ፅንሱን እንድታስወርድ ይጎተጉታታል።

ፊልሙ ሲጀምር የሎስ አንጀለስ ፖሊሶች ጥቁር ወጣቶችን አስቁመው ሲፈትሹ ይታያል። ይህ ትወና አይደለም። የተፈተሹት የራሱ የፊልሙ ባለሙያዎች ናቸው፤ ካሜራ ይዘው መንገድ ላይ በመገኘታቸው ተጠርጥረው ሲያዙ የተቀረጸ እውነተኛ ክስተት ነው። ሌላ ሰው ቢሆን ለሥራው መሰናክል የሆነውን ቀረጻ ሊጥለው ይችል ነበር። ኃይሌ ገሪማ ግን በኤዲቲንጉ ጊዜ ከልቦለዱ ፊት አስቀመጡት። ቀጥሎ የሚመጣው የዶሮቲ ታሪክ ስለዚህ «ፈጠራ ነው» ተብሎ የሚታለፍ አልሆነም።

ድምፁም እንዲሁ ነው። የድጎማ መሥሪያ ቤቱ ሠራተኞች ጥያቄና ትእዛዝ ዶሮቲ መንገድ ላይ ስትሄድም ይከተላታል፤ ድምፆቹ ይደራረባሉ፣ ይደጋገማሉ። ተመልካቹ የሴትዮዋን መታከት በጆሮው እንዲሰማው ተደርጓል። ይህ በአነስተኛ ገንዘብ የተሠራ የተማሪ ፊልም በ2022 በአሜሪካ የኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት ሥር በሚገኘው ብሔራዊ የፊልም መዝገብ ውስጥ ገብቷል።

«ምርት ሦስት ሺሕ ዓመት»

ኃይሌ ገሪማ በ1974 ዕረፍታቸውን ተጠቅመው ወደ አገራቸው መጡ። ንጉሣዊው ሥርዓት እየፈረሰ፣ አዲሱም ገና ሳይረጋ ነበር። በዚያች ቀዳዳ፣ በሁለት ሳምንት ገደማ፣ ሙያተኛ ባልሆኑ ተዋንያን፣ በአማርኛ፣ በ16 ሚሊ ሜትር ጥቁርና ነጭ ፊልም የቀረጹት ሥራ 150 ደቂቃ ርዝመት ያለው «ምርት ሦስት ሺሕ ዓመት» ሆነ። ካሜራውን የያዘው ኤሊየት ዴቪስ ነው።

ፊልሙ አንድ ጭሰኛ ቤተሰብ ለባላባቱ ሲያርስ፣ ሲያጭድና ሲያገለግል ያሳያል። ልጅቷ የባላባቱን ከብት ከጎርፍ አድናለሁ ስትል ሕይወቷ ያልፋል። መሬቱን የተነጠቀው፣ ሰው እንደ እብድ የሚያየው ከበበ በመጨረሻ ባላባቱን ይገድላል።

በኤዲተርነት የተመዘገበው ፊሊፕ ኩሬትስኪ ነው፤ ከዋና ዋናዎቹ የልቦለድ ሥራዎቻቸው የፕሮፌሰር ኃይሌ ስም በኤዲተርነት ያልሰፈረበት ይህ ብቻ ነው። የፊልሙ አካሄድ ግን ከሌሎቹ ሥራዎቻቸው ጋር ይገጥማል። የእርሻው ሥራ ቶሎ አይቆረጥም፤ በሬው ሲዞር፣ ሰውዬው ሲያቀና፣ ሞፈሩ ሲሄድ ካሜራው ይጠብቃል። የገበሬን ድካም በሁለት ሰከንድ አሳይቶ ማለፍ ድካሙን መደበቅ ነው። ለሆሊውድ ፍጥነት የለመደ ተመልካች ሊሰለች ይችላል፤ አገሩን የሚያውቅ ሰው ግን የቀኑ ርዝመት ትክክል መሆኑን ያውቃል።

ፊልሙ በ1976 በስዊዘርላንድ የሎካርኖ ፌስቲቫል ተሸልሟል። ከሦስት አሥርት ዓመታት በኋላ፣ በ2006፣ በጣሊያን በሚገኘው የቦሎኛ ፊልም ማኅደር ታድሶ ዳግም ለእይታ በቅቷል። የእድሳቱ ጉዳይ የታዋቂውን አሜሪካዊ ዳይሬክተር የማርቲን ስኮርሴዜንም ድጋፍ አግኝቷል።

ከቬትናም እስከ ባሪያ ንግድ

በ1982 የተሠራው «አሽስ ኤንድ ኤምበርስ» ከቬትናም ጦርነት የተመለሰ ጥቁር ወታደርን ይከተላል። ሰውየው በዋሽንግተን፣ በሎስ አንጀለስና በሴት አያቱ ገጠር መካከል ሲንከራተት ጦርነቱ ከጭንቅላቱ አይወጣም። ታሪኩ በቀጥታ መስመር አይሄድም፤ ያለፈው ያለ ማስጠንቀቂያ በአሁኑ መሐል ይገባል። ኤዲተሩ ኃይሌ ገሪማ ጊዜን የሰበሩት ለማስዋብ ሳይሆን የተጎዳ ሰው ጊዜ እንዲህ የተሰበረ ስለሆነ ነው። ፊልሙ በ1983 በበርሊን የዓለም አቀፍ የፊልም ሐያስያን ማኅበርን ሽልማት አግኝቷል።

በ1993 የተጠናቀቀው «ሳንኮፋ» ዘመናዊቷን የፋሽን ሞዴል ሞናን ከጋና የባሪያ ምሽግ አንሥቶ ወደ ጥንቱ እርሻ፣ ሾላ ወደምትባል ባሪያ ሕይወት ይወስዳታል። ይህ ጉዞ ያለ ረቀቀ ኤዲቲንግ አይታሰብም። ፊልሙ በበርሊን ፌስቲቫል ለወርቃማው ድብ ቢወዳደርም የአሜሪካ አከፋፋዮች አልተቀበሉትም።

ፕሮፌሰር ኃይሌና ባለቤታቸው፣ እሳቸውም የፊልም ባለሙያ የሆኑት ሺሪኪያና አይና፣ ቅጂውን ይዘው ከከተማ ወደ ከተማ ዞሩ፤ አዳራሽ ተከራዩ፤ በቤተ ክርስቲያንና በማኅበር በኩል ተመልካች ጠሩ። ሕዝቡ ተሰለፈ። ከዚያ በተገኘው ገቢ በዋሽንግተን፣ ከሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ፊት ለፊት በጆርጂያ ጎዳና፣ በፊልሙ ስም የሚጠራውን የመጻሕፍትና የቪዲዮ መደብር ከፈቱ። ኤዲቲንጉን በእጅ ማስቀረት አንድ ነገር ሆኖ ሳለ፣ የተጠናቀቀውን ፊልም በእጅ ማስቀረት ደግሞ ሌላ ትግል እንደሆነ የ«ሳንኮፋ» ታሪክ ያሳያል።

ፊልም የሌለው ድል

በ1999 የቀረበው «ዓድዋ» ዘጋቢ ፊልም ኤዲቲንግ ምን ያህል ሊፈተን እንደሚችል ያሳያል። የሉሚየር ወንድማማቾች በፓሪስ ለሕዝብ ፊልም ያሳዩት በታኅሣሥ 1895 ሲሆን፣ ዓድዋ ድል የተደረገበት ቀን መጋቢት 1 ቀን 1896 ነው። በመካከላቸው ያለው ሁለት ወር ብቻ ነው። ጦርነቱን የቀረጸ ካሜራ የለም። ፊልሙ ስለዚህ የአገር ቤት ሥዕሎችን፣ የተራሮቹን ገጽታ፣ የአዛውንቶችን ትረካና ዜማን እየሸመነ ጦርነቱን ያቆመዋል። ፎቶግራፍ ያልያዘውን ታሪክ ሕዝብ በቃልና በቀለም ይዞት እንደቆየ ተመልካቹ ያያል።

«ጤዛ»፦ የተበተነ ትውልድ የተሰፋበት

የ2008ቱ «ጤዛ» የፕሮፌሰር ኃይሌ የኤዲቲንግ ልምድ ሁሉ የተጠራቀመበት ሥራ ነው ማለት ይቻላል። እሳቸው እንደተናገሩት ፊልሙን ከሐሳብ ወደ አዳራሽ ለማድረስ 14 ዓመት ፈጅቶባቸዋል። ኤዲቲንጉን ከሎረን ሃንኪን ጋር ሠርተውታል። ካሜራው የጣሊያናዊው ማሪዮ ማሲኒ ሲሆን፣ ሙዚቃውን የደረሱት ቪጃይ አየርና ጆርጋ መስፍን ናቸው።

አሮን አረፈ የተወነበት ዶክተር አንበርብር በ1990 አንድ እግሩን አጥቶ ጣና ዳር ወዳለው መንደሩ ይመለሳል። ምን እንደደረሰበት ራሱም በቅጡ አያስታውስም። እናቱ ጠበል ይወስዱታል። ትዝታው በሕልምና በቅዠት ጥቂት በጥቂት ሲመለስ፣ ፊልሙ በ1970ዎቹ ጀርመን ወደነበረው የተማሪዎች ክርክር፣ ከዚያም ወደ ደርግ ዘመን አዲስ አበባ፣ ከዚያ ወደ ምሥራቅ ጀርመን እየተመላለሰ ይሄዳል። በመንደሩ ደግሞ ወጣቶች ለጦርነት ይታፈሳሉ።

እነዚህ ሦስትና አራት ዘመኖች በተራቸው ቢደረደሩ ኖሮ «ጤዛ» የአንድ ምሁር የሕይወት ታሪክ ብቻ ይሆን ነበር። ተቆራርጠው ጎን ለጎን ሲቀመጡ ግን በጀርመን አዳራሽ የተጮኸው መፈክር ወዲያው በአዲስ አበባ ደም ሆኖ፣ ቀጥሎም በጣና ዳር የአንዲት እናት ለቅሶ ሆኖ ይመጣል። ምክንያትና ውጤት በአሥር ዓመት ርቀት ሳይሆን በአንድ ቅጥያ ርቀት ይገናኛሉ። ያንን ዘመን የኖሩ ኢትዮጵያውያን በአዳራሽ ያለቀሱት በዚህ ምክንያት ጭምር ይመስለናል።

ፊልሙ በ2008 በቬኒስ ፌስቲቫል የዳኞች ልዩ ሽልማትንና የምርጥ የፊልም ጽሑፍ ሽልማትን፣ በካርቴጅ የወርቅ ታኒትን፣ በ2009 ደግሞ በዋጋዱጉ የፌስፓኮን ታላቅ ሽልማት፣ የየኔንጋን የወርቅ ፈረስ ወስዷል። በዚያው ዓመት መጀመሪያ ለአዲስ አበባ ተመልካችም ቀርቧል።

መምህሩና ዋጋው

ፕሮፌሰር ኃይሌ ከ1975 ጀምሮ ለአሥርት ዓመታት በሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ አስተምረዋል። በሃዋርድ ካለፉት መካከል የስፓይክ ሊን ቀደምት ፊልሞች የቀረጸው ኧርነስት ዲከርሰንና «አራይቫል» በተሰኘው ፊልም ለኦስካር የታጨው ብራድፎርድ ያንግ ይገኙበታል። በ2021 የሎስ አንጀለሱ የአካዳሚ ሙዚየም የመጀመሪያውን የቫንቴጅ ሽልማት ሰጥቷቸዋል። በዚያው ወር የታደሰው «ሳንኮፋ» በኔትፍሊክስ ለዓለም ቀርቧል። በ1993 አከፋፋይ ያጣው ፊልም፣ ባለቤትነቱ በእጃቸው ስለቆየ፣ ከ28 ዓመት በኋላ እሳቸው በተስማሙበት መልክ ተመለሰ ማለት ነው።

ይህ መንገድ ግን ዋጋ አስከፍሏል። በ«ሳንኮፋ» እና በ«ጤዛ» መካከል 15 ዓመት አልፏል። ጽሑፉን፣ ዝግጅቱን፣ ገንዘብ ፍለጋውንና ኤዲቲንጉን አንድ ሰው ሲሸከም የሥራው ቁጥር ማነሱ አይቀርም። ፊልሞቹ ይረዝማሉ፣ ድምፁ ይጫናል የሚሉ ሐያስያንም አሉ። በብዙ ፊልም ሥራ ልምድ እንደሚታየው ኤዲተር ከዳይሬክተሩ የተለየ ሰው የሚሆነው ቀረጻው ምን ያህል ላብ እንደፈጀ የማያውቅ፣ የማይጠቅመውን ሳይራራ የሚጥል ዐይን ስለሚያስፈልግ ነው። ይህ ክርክር ቀላል አይደለም፤ በ«ጤዛ» ላይ ሁለተኛ ኤዲተር መኖሩም ጥንካሬ እንጂ ድክመት አልሆነበትም።

ለእኛ አገር ፊልም ሠሪዎች ነገሩ ከዚህ ይጀምራል። ዛሬ ኤዲቲንግ በአንድ ኮምፒዩተር ይሠራል፤ መቀስና ማጣበቂያ፣ የሥራ ቅጂና ማግኔት ጥቅል አያስፈልግም። ጊዜ በማጠሩ ግን ሥራው ለመጨረሻ ሳምንት የሚተው፣ ትርፍ የሚጣልበት ጉዳይ ሆኖ የሚታይበት አጋጣሚ ብዙ ነው። የታርዛንን ፊልም የቀጠለው ሰው ግን ጎንደርን ሳያይ፣ አማርኛ ሳያውቅ፣ የጎንደርን ልጆች ከራሳቸው ወገን በተቃራኒ አሰልፏቸዋል። ከእነዚያ ልጆች አንዱ አድጎ መቁረጫውን በራሱ እጅ ያዘ፤ የቀጠላቸው ፊልሞችም ተመልካቹን ከዶሮቲ፣ ከከበበ፣ ከሾላና ከአንበርብር ጎን አቆሙት።